መስታወት ለምን ይረሳል?

ብርሃን ስለሚያኖሩና ትዝታ ስለሚይዙ የተረት መስታወቶች፣ በእውኑም ዓለም ስላሏቸው ዘመዶች

በተረት ውስጥ መስታወት ከአቅሙ በላይ ይታዘዛል። ፊት ማሳየቱ አልበቃ ብሎ የሩቁን አገር እንዲያሳይ፣ የሞተውን ሰው እንዲያስታውስ፣ ቀን የጠጣውን ፀሐይ ማታ እንዲመልስ ይጠየቃል። አንዳንድ የልብ ወለድ ጸሐፊዎችማ ኑሯቸውን ሁሉ በመስታወት ላይ የመሠረቱ ሕዝቦችን ይፈጥራሉ፤ ከተማቸው በተጠራቀመ የፀሐይ ብርሃን ይደምቃል፣ ታሪካቸውም በብራና ፈንታ በመስታወት ይቀመጣል። ይህ ጽሑፍ ያንን ምኞት በቁም ነገር ይይዘዋል። እውነተኛው መስታወት ይህን ለምን እንደማይችል፣ ሰዎችስ በምን ዘዴ እንዳስቻሉት ደረጃ በደረጃ እንመለከታለን። የሚጠቀሱት ዓመታት እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ምኞቱ የቆየ ነው

በዛሬዋ ቱርክ፣ ቻታልሆዩክ በተባለው ጥንታዊ መንደር፣ 8,000 ዓመት ያህል ያስቆጠሩ መስታወቶች ተገኝተዋል። የተሠሩት ከባልጩት ነው፤ በእኛም ስምጥ ሸለቆ በብዛት ከሚገኘው ጥቁር የእሳተ ገሞራ ድንጋይ። ባልጩት ተፍቆና ተወልውሎ ሲለሰልስ ፊትን ያሳያል፤ ከጥቁረቱ የተነሣ ግን ምስሉ ከጥልቅ ውኃ ውስጥ የሚወጣ ይመስላል። አስማት ለማሰብ የሚጋብዝ ዕቃ ነው።

በሜክሲኮ አዝቴክ በሚል ስም የሚታወቁት የሜክሲካ ሰዎችም ከዚሁ ድንጋይ መስታወት ይሠሩ ነበር። ተዝካትሊፖካ የተባለው አምላካቸው ሲሣል ብዙ ጊዜ በአንድ እግሩ ፈንታ መስታወት ይደረግለታል። በርናርዲኖ ደ ሳዓጉን የተባለው ስፔናዊ መነኩሴ በ16ኛው መቶ ዘመን ከአገሬው ሰዎች ጋር ባጠናቀረው መጽሐፍ ውስጥ ደግሞ አንድ ወሬ ሰፍሯል። ስፔናውያን ከመምጣታቸው በፊት አጥማጆች አናቷ ላይ መስታወት ያለባት ወፍ ያዙና ለንጉሥ ሞክቴዙማ ወሰዱለት፤ ንጉሡም በመስታወቱ በጠራራ ፀሐይ ከዋክብትን አየ፣ ቀጥሎም ለጦርነት የሚገሠግሡ ሰዎችን። ከእነዚህ መስታወቶች አንዱ አትላንቲክን ተሻግሮ የእንግሊዟ ንግሥት ቀዳማዊት ኤልሳቤጥ አማካሪ በነበረው በጆን ዲ እጅ ገባ። ዲ ከመናፍስት ጋር እነጋገራለሁ የሚል ሊቅ ነበር። ዕቃው ዛሬ በብሪቲሽ ሙዚየም ይገኛል፤ በ2021 የታተመ የድንጋዩ ኬሚካዊ ምርመራም መነሻው በሜክሲኮ የፓቹካ አካባቢ መሆኑን አሳይቷል።

በዘመናችን ይህን ምኞት በሳይንስ ቋንቋ የጻፈው የቤልፋስቱ ተወላጅ ቦብ ሾው ነው። በ1966 ባሳተመው «የሌላ ዘመን ብርሃን» በሚለው አጭር ልብ ወለድ ብርሃን አልፎት ለመውጣት ዓመታት የሚፈጅበት የመስኮት መስታወት ፈጠረ። ይህ መስታወት ውብ ተራራ ፊት ለፊት ለዓመታት ይተከላል፤ ከዚያ የከተማ ቤት ግድግዳ ላይ ሲገጠም፣ ገዢው ያንን ተራራ ከነጠዋቱና ከነማታው ለዓመታት ያያል። የታሪኩ ሐዘን ያለው ሻጩ ቤት ነው። በመስኮቱ የሚታዩት ሚስቱና ልጁ በመኪና አደጋ ከሞቱ ቆይተዋል። መስታወቱ ግን የእነሱን ብርሃን ገና አልጨረሰም።

ብርሃን የሚሸከማቸው ሁለት ጭነቶች

ሾው የፈጠረው መስታወት ሁለት ነገር በአንድ ላይ ያኖራል። ይህን ለማየት ብርሃን ራሱ ምን እንደሚሸከም እንጠይቅ።

አንደኛው ጭነት ጉልበት ነው። ጀርባችንን የሚያሞቀን፣ የተሰጣውን በርበሬ የሚያደርቀው፣ ቅጠሉን የሚያሳድገው ይህ ነው። ሁለተኛው ጭነት ወሬ ነው። ከእያንዳንዱ ነገር ላይ ተነጥሮ የሚመጣው ብርሃን ነገሩ የት እንዳለ፣ ምን ቀለም እንዳለው፣ ምን ቅርጽ እንዳለው ይናገራል። ዓይናችን የሚኖረው በዚህ ወሬ ነው።

ሁለቱ አብረው ይጓዛሉ እንጂ አንድ አይደሉም። የቀትር ፀሐይ ሜዳ ላይ ሲወርድ ጉልበቱ ብዙ ነው፣ ወሬው ግን «ፀሐይ ወጥታለች» ከማለት ብዙም አያልፍም። በደብዛዛ ሻማ የምናየው ፊት ደግሞ ጉልበቱ ኢምንት ነው፣ ወሬው ግን የአንድን ሰው ማንነት ለመለየት ይበቃል። «ፀሐይን አኖራለሁ» የሚል መስታወት ጉልበቱን፣ «ትዝታን እይዛለሁ» የሚል ደግሞ ወሬውን ማስቀረት አለበት። ተራው መስታወት ሁለቱንም ተቀብሎ ሁለቱንም ወዲያው ይመልሳል።

የመርሳቱ ምክንያት

የዛሬው የቤት መስታወት ፊቱ ብርጭቆ ነው፤ የሚያንጸባርቀው ግን ከኋላው የተለበጠው ስስ ብረት ነው፣ ብዙ ጊዜ ብር ወይም አሉሚኒየም። በብረት ውስጥ ከአቶም አቶም በነጻነት የሚንቀሳቀሱ ኤሌክትሮኖች አሉ። ብርሃን ሲመታቸው ይናወጣሉ፤ ሲናወጡም ራሳቸው ብርሃን ይፈጥሩና ወደ መጣበት አቅጣጫ ይመልሱታል። ብርሃኑ ሲቋረጥ መናወጡም ያቆማል። ኤሌክትሮኖቹ ወደ ቦታቸው ይመለሳሉ፣ ብሩም እንደነበረው ይቀራል። ጭቃ የረገጠ ሰው ዱካውን ይተዋል፣ ዐለት የረገጠ ግን አይተውም። መስታወት እንደ ዐለቱ ነው። አጥርቶ የሚያሳየው የመጣበት ነገር ስለማይለውጠው ነው፤ የማያስታውሰውም በዚሁ ምክንያት ነው።

ከዚህ የሚወጣው ደንብ የዚህ ጽሑፍ ዋና መልእክት ነው። ማኖር የሚችለው የሚለወጥ ነገር ብቻ ነው። አንድ ዕቃ የትናንቱን ዛሬ እንዲመልስ ከተፈለገ፣ ትናንት በውስጡ አንድ ነገር ተለውጦ ዛሬ ድረስ እንደተለወጠ መቆየት አለበት።

«ብርሃኑን በሁለት መስታወት መካከል ብናጉረውስ?» የሚል ብልህ ተማሪ አይጠፋም። ሒሳቡን እንሥራው። ከሚመታው ብርሃን 95 በመቶውን የሚመልሱ ሁለት መስታወቶች በአንድ ሜትር ርቀት ተፋጠው ይቁሙ። በእያንዳንዱ ንጥረት 5 በመቶው በብረቱ ውስጥ ሙቀት ሆኖ ይቀራል። ከ100 ንጥረት በኋላ የሚተርፈው ከመጀመሪያው 1 በመቶ እንኳ አይሞላም። ብርሃን በሰከንድ 300,000 ኪሎ ሜትር ያህል ስለሚበር ደግሞ ያ ሁሉ 100 ንጥረት የሚያልቀው በሰከንድ ሚሊዮንኛ አንድ ሦስተኛ ውስጥ ነው። በመስታወት የተለበጠ ክፍል ውስጥ ኩራዝ ብናጠፋ ጨለማው የሚመጣው ዓይናችን ሊያውቀው ከሚችለው እጅግ ፈጥኖ ነው።

በዚህ መንገድ እስከ ጥግ የሄደው ፈረንሳዊው የፊዚክስ ሊቅ ሰርዥ አሮሽ ነው። እሱና ባልደረቦቹ ኒዮቢየም በተባለ ብረት የተለበጡ መስታወቶችን ከፍጹም ዜሮ ሙቀት አጠገብ እስኪደርሱ አቀዘቀዙ። በዚያ ቅዝቃዜ ኒዮቢየም ኤሌክትሪክን ያለ ምንም መሰናክል ያሳልፋል፣ የሚባክነውም ብርሃን እጅግ ያንሳል። በመስታወቶቹ መካከል ያለው ክፍተት ሦስት ሴንቲ ሜትር እንኳ አይሞላም፤ እዚያ የታጎረው የማይክሮዌቭ ፎቶን (ዓይን የማያየው ብርሃን አንድ ቅንጣት) ግን ከሰከንድ አንድ አሥረኛ በላይ ቆየ። በዚያ ጊዜ ወዲያ ወዲህ ሲል የሚሸፍነው መንገድ 40,000 ኪሎ ሜትር ያህል ነው፤ ምድርን አንዴ እንደመዞር። ሥራው በ2012 የኖቤል ሽልማት አስገኝቶለታል። ሆኖም ይህን ያህል የተሻሻለው መስታወት እንኳ ያቆየው አንድ ፎቶን ነው፣ ጊዜውም የዓይን ጥቅሻ ያህል ነው። መስታወትን እንደ መስታወት እያሻሻሉ መሄድ ከተረቱ ከተማ አያደርስም። ሌላ የሚለወጥ ነገር ያስፈልጋል።

ወሬውን ያስቀረው ብር

ወሬን የማስቀረቱ ሥራ የተሳካው በ19ኛው መቶ ዘመን በፈረንሳይ ነው። ኒሴፎር ኒየፕስ በ1826 ወይም በ1827 ከመስኮቱ የሚታየውን ግቢ፣ ብርሃን ሲነካው የሚጠጥር ሬንጅ በተቀባ የቆርቆሮ ቅይጥ ላይ አተመ። ሥዕሉ ቢያንስ ስምንት ሰዓት የፈጀ ስለነበር ፀሐይዋ ከምሥራቅ ወደ ምዕራብ ዞራለች፤ በዚህም ምክንያት በግራም በቀኝም ያሉት ግድግዳዎች በርተው ይታያሉ። ኒየፕስ በ1833 ሞተ፤ ሥራውን የቀጠለው ሸሪኩ ሉዊ ዳጌር ነው። የዳጌር ዘዴ በነሐሴ 1839 በፓሪስ ለሕዝብ ተገለጸ።

ለጉዳያችን የሚጠቅመው ዳጌር የመረጠው ዕቃ መስታወት መሆኑ ነው። ብር የተለበጠበት የመዳብ ሰሌዳ ፊት እስኪያሳይ ድረስ ይወለወላል። ቀጥሎ በአዮዲን እንፋሎት ላይ ይያዛል፤ በዚህ ጊዜ ብሩ ላይ ብርሃን የሚለውጠው ስስ ሽፋን ይፈጠራል። ሰሌዳው በካሜራ ውስጥ ብርሃን ካገኘ በኋላ ሲወጣ ምንም አይታይበትም። ብርሃኑ የለወጠው እዚህም እዚያም ጥቂት ጥቂት አቶሞችን ብቻ ነው። የሞቀ ባዜቃ እንፋሎት ሲነካው ግን ባዜቃው የተለወጠውን ቦታ እየመረጠ ይሰፍራል፣ ምስሉም ይወጣል። ባዜቃው የሰፈረበት ብርሃን ስለሚበትን ነጭ ሆኖ ይታያል። ያልሰፈረበት መስታወት ሆኖ ስለቀረ፣ ጨለማ ፊት ለፊቱ ካለ ጥቁር ይሆናል። ሰሌዳውን ትንሽ ዘንበል ቢያደርጉት ነጩ ጥቁር፣ ጥቁሩ ነጭ ይሆናል፤ በሰውየው ምስል መሐል ደግሞ የተመልካቹ የራሱ ፊት ብቅ ይላል።

እዚህ ላይ ሁለት ትምህርቶች አሉ። አንደኛ፣ ወሬን ለማስቀረት ብዙ ጉልበት አያስፈልግም። ብርሃኑ ቦታውን ያመለከተው በኢምንት ለውጥ ነው፤ የቀረውን የሠራው ባዜቃው ነው። ሁለተኛ፣ ሰሌዳው እንዲያስታውስ ማየቱን ማቆም አለበት። የቀረው አዮዲን ያለበት ሽፋን በኬሚካል ታጥቦ ካልተወገደ፣ ምስሉን የሣለው ብርሃን ራሱ መልሶ ያበላሸዋል። ሁሉን እያየ ሁሉን የሚይዝ የተረት መስታወት ይህን እንቆቅልሽ መፍታት ይጠበቅበታል። አዲሱ ትዝታ አሮጌውን እንዳይሸፍን ምን ያግደዋል?

የሚይዘውን የሚመርጠውም ሰሌዳው አይደለም። ዳጌር በ1838 የፓሪሱን ቡልቫር ዱ ታምፕል ከከፍታ ሲያነሣ ጎዳናው ባዶ መስሎ ወጣ። በሰሌዳው ፊት ሲያልፉ የነበሩ ጋሪዎችና እግረኞች፣ ምስሉ ብዙ ደቂቃ ስለፈጀ፣ ዱካ ሳይተዉ ቀሩ። የታየው በአንድ ጥግ እግሩን አንሥቶ ጫማውን የሚያስጠርግ ሰው ነው፤ ሊስትሮው ጋ ቆሞ በመቆየቱ ብቻ።

ከሁለት ዐሥርት ዓመታት ገደማ በኋላ የብር ሰሌዳው ቦታውን ለብርጭቆ ለቀቀ፤ ከአንድ የብርጭቆ ሰሌዳ ብዙ የወረቀት ቅጂ ማተም ይቻል ነበርና። የዐፄ ቴዎድሮስ ልጅ ልዑል ዓለማየሁ ከመቅደላ ወደ እንግሊዝ በተወሰደበት በ1868፣ በዋይት ደሴት ጁሊያ ማርጋሬት ካሜሮን ያነሣችው በእንዲህ ያለ ብርጭቆ ነው። የሰባት ዓመቱ ልጅ ፊት ዛሬ የምናውቀው በዚያን ቀን ብርሃኑ ብርጭቆው የተቀባውን ብር ስለለወጠው ነው።

ጉልበቱን ያስቀረው ጨው

ጉልበቱን የማኖር ታሪክ የሚጀምረው በመሰብሰብ ነው። ጎድጓዳ መስታወት የሚመጣበትን ብርሃን ወደ አንድ ነጥብ ይሰበስባል፤ የኦሎምፒክ ችቦ በግሪክ ኦሊምፒያ የሚለኮሰው በዚህ መንገድ ነው። በ1913 አሜሪካዊው ፍራንክ ሹማን በካይሮ አጠገብ ማዓዲ ላይ ረጃጅም የመስታወት ገንዳዎች ዘርግቶ በፀሐይ በፈላ እንፋሎት ውኃ ይስብ ነበር። መሰብሰብ ግን ማኖር አይደለም። ፀሐይ ስትጠልቅ ጎድጓዳውም መስታወት እንደማንኛውም መስታወት ይረሳል።

መፍትሔው መስታወቱን ለማጀብ የሚለወጥ ነገር መጨመር ሆነ፤ ይህም ነገር ጨው ነው። በስፔን በሴቪያ አቅራቢያ በ2011 ሥራ የጀመረው ጌማሶላር የተባለው የኃይል ማመንጫ 2,650 ግዙፍ መስታወቶች አሉት። እያንዳንዳቸው ፀሐይን እየተከተሉ ይዞራሉ፣ ብርሃናቸውንም 140 ሜትር ከፍታ ባለው ማማ አናት ላይ ያሳርፋሉ። በማማው ውስጥ የቀለጠ ጨው ይመላለሳል፤ የምግብ ጨው ሳይሆን የሶዲየም ናይትሬትና የፖታሲየም ናይትሬት ድብልቅ ነው። ጨው ወደ ማማው ሲወጣ 290 ዲግሪ ሴልሺየስ ነው፤ ሲወርድ 565 ደርሶ ሙቀት በማያስወጣ ታንከር ይቀመጣል። ኤሌክትሪክ ሲፈለግ የጋለው ጨው ውኃ ያፈላል፣ እንፋሎቱም ተርባይኑን ያዞራል። የታንከሩ ክምችት ያለ ፀሐይ 15 ሰዓት ያስኬዳል፤ ስለዚህ በበጋ ጣቢያው ሌትና ቀን ሊሠራ ይችላል። በአፍሪካ የዚሁ ቴክኖሎጂ ትልቁ ሥፍራ የሞሮኮው ዋርዛዛት ነው።

ይህ ጨው ፀሐይን በእውነት ያኖራል። ትዝታ ግን የለውም። ከ2,650 መስታወቶች የትኛው እንዳሞቀው፣ ረፋዱ ላይ ይሁን ከቀትር በኋላ፣ ደመና አልፎ እንደነበረ ከጨዉ ማወቅ አይቻልም። ሁሉም ተቀላቅሎ አንድ ሙቀት ሆኗል። ጉልበትን አጠራቅሞ ለማኖር ወሬውን መጣል ግድ ሆኗል። የዳጌር ሰሌዳ የዚህ ተቃራኒ ነው። ወሬውን ሁሉ ይዟል፤ ጉልበት ግን ስለሌለው ጨለማ ክፍል ውስጥ አይታይም። ሊነበብ ሌላ ብርሃን መዋስ አለበት።

ሁለቱን በአንድነት

እንግዲህ ፀሐይንም ትዝታንም የሚይዘው የተረት መስታወት የሚጠይቀው በአንድ ዕቃ ጨውም ሰሌዳም መሆን ነው። ምን ያህል ከባድ እንደሆነ በሾው መስታወት እንለካው። ውፍረቱ አንድ ሴንቲ ሜትር ከሆነና ብርሃን አልፎት ለመውጣት 10 ዓመት ከፈጀበት፣ ብርሃኑ በዓመት አንድ ሚሊ ሜትር ብቻ እየሄደ ነው። ስፋቱ አንድ ካሬ ሜትር ይሁን፤ ሌሊቱም ደመናውም ተቆጥሮ በአማካይ 100 ዋት ብርሃን ይግባበት። በ10 ዓመት የሚጠራቀመው ከ8,700 ኪሎ ዋት ሰዓት ይበልጣል፤ ሰባት ቶን ተኩል ገደማ ቲኤንቲ ሲፈነዳ የሚለቀው ያህል ነው። እንዲህ ያለ መስኮት ድንገት ቢሰበር ትዝታው ሁሉ በአንድ ጊዜ ይወጣ ነበር።

ሳይንቲስቶች በትንሹ ሞክረውታል። ዴንማርካዊቷ ሊነ ሃው በ1999 በአሜሪካ፣ እጅግ በቀዘቀዘ የሶዲየም አቶሞች ደመና ውስጥ ብርሃንን በሰከንድ 17 ሜትር እንዲጓዝ አደረገች፤ በ2001 ደግሞ አቁማ መልሳ ለቀቀችው። በ2013 በጀርመን ዳርምሽታት ያሉ ተመራማሪዎች በክሪስታል ውስጥ ለአንድ ደቂቃ ያህል ሊያቆዩት ቻሉ። እዚህም ደንባችን አልተጣሰም። ብርሃኑ ተኝቶ አልጠበቀም፤ መልኩን ለአቶሞቹ አስረክቦ ጠፋ፣ ሌላ ሌዘር ሲነካቸው አቶሞቹ የተረከቡትን መልሰው ብርሃን አደረጉት። አቶሞቹ ባይለወጡ ኖሮ የሚመለስ ነገር አይኖርም ነበር።

ይህን በቤት ውስጥ ለማየት ቤተ ሙከራ አያስፈልግም። በ17ኛው መቶ ዘመን መባቻ ቪንቼንዞ ካሻሮሎ የተባለ ጫማ ሰፊ በጣሊያን ቦሎኛ አጠገብ ያገኘውን ከባድ ድንጋይ ከከሰል ጋር ቢያነድደው፣ ፀሐይ ካየ በኋላ በጨለማ የሚያበራ ሆነ። የዛሬ ዘሮቹ በልጆች መጫወቻ፣ በሰዓት መልክና በአደጋ ጊዜ መውጫ ምልክት ላይ ያሉት አረንጓዴ ቀለም ያላቸው ነገሮች ናቸው። ከእነዚህ ሰፋ ያለውን ወስዶ መዳፍን መሐሉ ላይ አሳርፎ በስልክ ባትሪ ማብራት፣ ከዚያ መብራት አጥፍቶ እጅን ማንሣት ነው። ዙሪያው ያበራል፣ የእጁ ቅርጽ ግን ጠቁሮ ይታያል። ጉልበቱም ወሬውም በአንድ ገጽ ላይ አሉ።

በጥቂት ደቂቃ ውስጥ ብርሃኑ እየደከመ ሲሄድ የእጁም ቅርጽ አብሮ ይደበዝዛል። ትዝታው የሚነበብበት ብርሃን ራሱ የተጠራቀመው ጉልበት ስለሆነ ማንበቡ ማውጣት ነው። የዳጌር ሰሌዳ በተውሶ ብርሃን ስለሚነበብ ሺህ ጊዜ ቢታይ አይቀንስም። ስለዚህ የመስታወት ሥልጣኔ ለመፍጠር ብዕር ያነሣ ጸሐፊ፣ ተረቱንም የሚያነብ ሰው፣ አንድ ጥያቄ ቢያስቀድም ይጠቀማል፦ መስታወቱ በታየ ቁጥር ያልቃል ወይስ አያልቅም? የሚያልቅ ከሆነ ያ ሕዝብ የአያቶቹን ፊት ማን፣ መቼ፣ ስንት ጊዜ እንደሚያይ ሕግ ማውጣት አለበት፤ ዳኛ፣ ሌባና ባለ ዕዳም ይኖረዋል። የማያልቅ ከሆነ ደግሞ ከተማዋን የሚያበራላት ሌላ ነገር መፈለግ ይኖርባታል።